የባና ሸማኔው፣ የጅሩ በሬ እና የትብብር ደብዳቤ

ይድረስ በሰሜን ሸዋ፣ ከደብረ ብርሃን እስከ መሃል ሜዳ፣ ከእነዋሪ እስከ አረርቲ፣ በባህልና በኮሙኒኬሽን ቢሮዎች ለምትሠሩ ሁሉ

ግልባጭ፦ ካሜራ ላለው የአገሬ ልጅ

ጤና ይስጥልኝ።

ላለፉት 14 ዓመታት በዚህ አገር ካሜራ ይዤ የምዞር ሰው ነኝ። እንጀራዬ የሰርግ ቀረጻ ነው። ቅዳሜና እሁድ ሙሽሮች እከተላለሁ። በሌላው ቀን ዘጋቢ ፊልም እሠራለሁ። ፊልሞቼ ስለ ትልልቅ ሰዎች አይደሉም። የመሠረት ድንጋይ ሲጣል፣ ሪባን ሲቆረጥ አልገኝም። የምቀርጸው ሰው አልፎት የሚሄደውን ነገር ነው። በሬ በእጁ የሚያጎርስ ገበሬ። ቀኑን ሙሉ ጭላዳ ከገብስ ሲያባርር የሚውል ልጅ። የበግ ፀጉር የሚፈትሉ እናት። ሌሊት መንገድ ዳር ለሾፌር ሻይ የሚያፈላ ሰው።

ይህን ደብዳቤ የምጽፍላችሁ አንድ ጥያቄ ለመመለስ ነው። የትብብር ደብዳቤ ፈልጌ በገባሁበት ቢሮ ሁሉ ይቺው ጥያቄ ትጠብቀኛለች። «ይሄ ለገጽታ ግንባታ ምን ይጠቅማል?»

ጠረጴዛ ፊት ቆሞ፣ ከኋላ ባለጉዳይ እየገፋ፣ ለዚህ ጥያቄ የሚሆን መልስ አይመጣም። ስለዚህ ቁጭ ብዬ ልመልሰው።

ከ4 ዓመት በፊት መንዝ ውስጥ አንድ የባና ሸማኔ አገኘሁ። ስማቸውን አልጽፍም፤ እሳቸውም አይወዱትም። የመንዝን ብርድ ታውቁታላችሁ። ያለ ባና፣ ያለዚያ ከበግ ፀጉር የሚሸመን ብርድ ልብስ፣ ሌሊቱ አይነጋም። የመንዝ በግ ፀጉሩ ሻካራ ነው። ሴቶቹ ያጥቡታል፣ በደጋን ይነድፉታል፣ በእንዝርት ይፈትሉታል። ሽመናው የወንድ ሥራ ነው። እኚህ አባት ቤታቸው ውስጥ በቆፈሩት ጉድጓድ እግራቸውን ከተው፣ ጠዋት ፀሐይ በበሩ ስትገባ ይጀምራሉ። እግራቸው መርገጫውን ይለዋውጣል። መወርወሪያው በድሩ መሃል ሹልክ ብሎ ያልፋል። ከዚያ ማጉን ወደ ሆዳቸው ሳብ አድርገው ያጠብቁታል። ቋ፣ ሽው፣ ድም። ቋ፣ ሽው፣ ድም። ደጅ ቆሜ ድምፁን ስሰማ፣ ገና ፊታቸውን ሳላይ፣ ይህን ፊልም እሠራዋለሁ አልኩ። በዚያ ሰፈር እቃውን ያልነቀለ እሳቸው ብቻ ነበሩ። ሌላው ሰው ከገበያ ብርድ ልብስ ይገዛል።

ደብዳቤ ልጠይቅ አንድ ቢሮ ሄድኩ። የትኛው እንደሆነ አልናገርም። ቂም የለኝም፤ እዚያ የነበሩት ሰዎችም ክፉ አልነበሩም። አንዱ ፕሮፖዛሌን አገላብጦ እንዲህ አለኝ፦ «ሽማግሌ ጉድጓድ ውስጥ ተቀምጦ ስታሳይ ድህነታችንን ነው የምታሳየው። በማኅበር የተደራጁ አሉ፣ እነሱን ለምን አትቀርጽም?» ከዚያ ኃላፊው ስብሰባ ናቸው ተባለ። ከዚያ መስክ ወጥተዋል። ከዚያ «ዓላማ» የሚለው ክፍል ይስተካከል ተባለ። አስተካከልኩ። እንደገና ይስተካከል ተባለ። ማህተም ያረፈበት ደብዳቤ እጄ የገባው በ7ኛው ሳምንት ነው።

ደብዳቤዬን ይዤ ስደርስ ቤቱ ዝም ብሏል። እግራቸውን አሟቸው ልጃቸው አዲስ አበባ ወስዳቸዋለች። የሽመና እቃው ተነቅሎ እንጨቱ በረት ላይ ተጋድሟል። ጉድጓዱ ውስጥ ጭድ ተነጥፎ ዶሮ ታቅፋበታለች።

አዲስ አበባ ድረስ ሄድኩ። ኮንዶሚኒየም፣ 4ኛ ፎቅ። ሶፋ ላይ ጋቢያቸውን ለብሰው ተቀምጠዋል። ቡና ተፈላ፣ ተጫወትን። «አባባ፣ እንዴት ነበር የሚሠሩት? እስቲ ያሳዩኝ» አልኳቸው። ትንሽ ዝም አሉ። ከዚያ ቀኝ እግራቸው ከሴራሚኩ ላይ ተነሳ። ግራው ተከተለ። እጃቸው የሌለውን መወርወሪያ ወረወረ፣ ሌላው እጃቸው ተቀበለ። የሌለውን ማግ ወደ ሆዳቸው ሳቡ። ልጃቸው ጀበናውን ይዛ በቆመችበት ቀረች። ያ ሁሉ አካሄድ አንድም አልጎደለም። ድምፁ ብቻ ነው የሌለው። 11 ደቂቃ ቀርጫለሁ። ስለ መንዝ ባና ሽመና ያለኝ ያቺ 11 ደቂቃ ናት።

አሁን ልጠይቃችሁ። ይህ ድህነት ነው? በዓይናቸው ሳያዩ እጃቸው የሚያውቀው ሥራ፣ ስንት መቶ ዓመት ከአባት ወደ ልጅ ሲወርድ የመጣ፣ ድህነት ይባላል? እኔ ሀብት ነው የምለው። ሀብት የሚለውን ቃል ለመፈክር ሳይሆን ለዚህ ነው የማስቀምጠው።

ሁለተኛው ታሪኬ ከጅሩ ነው።

የጅሩ ሰንጋ ስሙ አዲስ አበባ ድረስ ይጠራል። ፋሲካ ሲደርስ ቴሌቪዥኑ ሁሉ ገበያ ይወጣል። ስንት ገባ? ስንት ተጠራ? ዋጋው ይነገራል፣ ካሜራው ይመለሳል። እኔን የያዘኝ ከገበያው በፊት ያለው ነው። በዚያ ቤት ውስጥ ለወራት ምን ሲደረግ ይከርማል? ይህን ለማወቅ እነዋሪ አካባቢ አንድ ገበሬ ቤት 5 ወር ተመላለስኩ።

ጋሼ (እንዲህ ነበር የምጠራቸው) ሌሊት 10 ሰዓት ይነሳሉ። ኩራዝ ያበራሉ። ማታ የዘፈዘፉትን የጓያ ክክ ከባቄላ ገለባ ጋር ያሻሉ። በመዳፋቸው እየጠቀለሉ በሬውን ያጎርሱታል። «እንካ የኔ ጌታ፣ እንካ።» በሬው ይቀበላል። አንዳንዴ እምቢ ይላል፤ ያኔ ጋሼ ይጨነቃሉ። አፉን ከፍተው ያያሉ፣ ሆዱን ይደባብሳሉ፣ የዓይኑን ጉድፍ በጋቢያቸው ጫፍ ይጠርጋሉ። ሚስታቸው ከጓዳ ሆነው «እኔን እንዲህ አጉርሶኝ አያውቅም» ይላሉ፣ እየሳቁ። ቤቱ ይሞቃል፤ የበሬው ትንፋሽ ነው የሚያሞቀው። መጀመሪያ ሰሞን ጋሼ ካሜራውን ሲያዩ ድምፃቸው ይለወጥ ነበር። እንደ ስብሰባ ነበር የሚናገሩት፦ «በመጀመሪያ ደረጃ፣ የማድለብ ሥራ ማለት...» በሁለተኛው ወር ረሱኝ። ፊልሙ የተጀመረው ያኔ ነው።

የሽያጩ ቀን ነጋዴው መጣ። ዋጋው አልቋል። ብሩ ተቆጠረ፣ እንደገና ተቆጠረ። ጋሼ ግን ገመዱን አልሰጡም። ምሰሶው ላይ መልሰው አሰሩትና ወደ ጓሮ ሄዱ። ቆየን። ማንም አልተናገረም። በመጨረሻ ገመዱን ፈተው ለነጋዴው ያቀበሉት ሚስታቸው ናቸው። ካሜራዬን ይዤ ጓሮ አልተከተልኳቸውም። እዚያ ያለው የሳቸው ነው። እኔ የቀረጽኩት ምሰሶውን ነው። ከሥሩ ጠዋት የተረፈ የጓያ ክክ በገበታ ላይ አለ።

ይህን ፊልም ያየ አንድ የአዲስ አበባ ሰው «ካሁን በኋላ ቅርጫ ስገባ ማን እንዳደለበው እጠይቃለሁ» አለኝ። ገጽታ ማለት ይህ ካልሆነ ምን እንደሆነ አላውቅም።

እንዲህ ዓይነት ሥራ የእኔ የብቻዬ አመል አይደለም። ዓለም ላይ ዕድሜያቸውን ሙሉ ለየት ባለ ነገር ላይ ያሳለፉ ፊልም ሠሪዎች አሉ። ኤሮል ሞሪስ የሚባለውን አሜሪካዊ ልንገራችሁ። በ1948 እ.ኤ.አ. ኒውዮርክ የተወለደ ነው። የመጀመሪያ ፊልሙ በ1978 ሲወጣ ስለ ምን ነበር? ካሊፎርኒያ ውስጥ ስላለ የቤት እንስሳት መቃብር። ቦታው ተዘግቶ ወደ 450 የሚሆኑ የውሻና የድመት አጽሞች ተቆፍረው ወደ ሌላ ሥፍራ ይዛወራሉ። ሞሪስ ካሜራውን ባለቤቶቹ ፊት አስቀምጦ ዝም ብሎ ሰማቸው። ሁለተኛው ፊልሙ በአንዲት ትንሽ የፍሎሪዳ ከተማ ነዋሪዎች ላይ ነው። አንዱ ስለ ቱርክ ዶሮ አደን ያወራል፤ ሌላ ነገር አያወራም። በእኛ ቢሮ ቢሆን ሁለቱም ፕሮፖዛሎች አያልፉም ነበር።

ሰውየው ከዚያ ገንዘብ አጣ። ለተወሰነ ጊዜ የግል መርማሪ ሆኖ ሠራ። ቀጥሎ ቴክሳስ ሄደ። በሞት ፍርድ ጉዳዮች ላይ እየቀረበ «ይህ ሰው ደግሞ ይገድላል» ብሎ የሚመሰክር አንድ የአእምሮ ሐኪም ነበር፤ በእሱ ላይ ሊሠራ ነው የሄደው። ሐኪሙ ከመሰከረባቸው እስረኞች አንዱ ራንዳል አዳምስ ይባላል። በ1976 ዳላስ ውስጥ ፖሊስ ገድለሃል ተብሎ ሞት ተፈርዶበት፣ በኋላ ወደ ዕድሜ ልክ የተቀየረለት። ሞሪስ እስረኛውን ሲያነጋግር አንድ ነገር አላረፈለትም። ምስክሮቹን አንድ በአንድ ፈለገ። ካሜራ ፊት አስቀምጦ፣ ሳይቸኩል፣ እስኪጨርሱ አስወራቸው። ምስክርነታቸው በራሳቸው አፍ ፈረሰ። ፊልሙ በ1988 ወጣ፣ አዳምስ በ1989 ተፈታ። 12 ዓመት ያህል ታስሮ።

የእንስሳት መቃብር ላይ የተማረው ትዕግሥት ነው ያን ሰው ያስፈታው። እንዲያ ብዬ አምናለሁ። ሰው ዋጋ የለውም በሚባል ነገር ላይ ጆሮውን ያሠለጠነ፣ ዋጋ ያለው ነገር ሲመጣ ይሰማዋል። ሁልጊዜ መድረክ ሲቀርጽ የኖረ ካሜራማን ግን ጎንበስ ብሎ ማየት ይከብደዋል። እኔም ሰርግ ላይ ይህን አይቼዋለሁ። ሁሉም ሌንስ ሙሽሪት ላይ ሲሆን፣ የሙሽራው እናት ድንኳኑ ጥግ ላይ ብቻቸውን ነጠላቸውን አፋቸው ላይ ይዘው ቆመዋል። እሱን ያየ አንድም የለም።

ከአገራችን ደግሞ ጓሳን ውሰዱ። መንዝ ውስጥ፣ ከባሕር ጠለል በላይ ከ3,200 ሜትር በላይ ያለ የሳር ምድር። ሕዝቡ ከ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጀምሮ ቄሮ በሚባል የጋራ ጥበቃ ሥርዓት ሲጠብቀው የኖረ ነው። ለ3 ዓመት፣ ለ5 ዓመት ይዘጋል፤ አይታጨድም፣ አይጋጥም። ጊዜው ሲደርስ ተከፍቶ ሁሉም ያጭዳል። ለቤት ክዳን፣ ለገመድ፣ ለእረኛ ገሳ። በ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ሲመጣ ሥርዓቱ ፈረሰ፤ በኋላ ማኅበረሰቡ በሌላ መልክ መልሶ አቋቋመው። እዚያ ያሉ ተመራማሪዎች አንድ ነገር አስተዋሉ። ቀይ ቀበሮ ከጭላዳው መንጋ መሃል ገብቶ ይሄዳል። ጭላዳዎቹ አይሸሹትም፣ እሱም ግልገላቸውን አይነካም ማለት ይቻላል። ለምን? ዓመታት ቁጭ ብለው ቆጠሩ። በ2015 እ.ኤ.አ. የታተመው ውጤት እንዲህ ይላል፦ ቀበሮው ብቻውን አይጥ ሲያድን ከሙከራው የሚሳካለት 25 በመቶው ነው። ከጭላዳ መሃል ሲሆን 67 በመቶ።

ይህን ሳነብ ጭላዳ ጠባቂው ልጅ ትዝ አለኝ። የ12 ዓመት ልጅ ነው፣ ወንጭፍ አለው። ከጥናቱ ጋር ምንም ግንኙነት የለውም። «ቀበሮው ጓደኛቸው ነው፤ አብሯቸው ሲሆን አይጥ አይሰማውም» ብሎኝ ነበር፣ ካሜራ ላይ፣ እንደ ቀላል ነገር። ያኔ እኔም አልፌው ነበር። ቀረጻው ግን አለ። ፋይሉ ውስጥ ድምፁ አለ። ያን ቀን «የቱሪስት መስህቡን ብቻ ቅረጽ» የሚል መመሪያ ተከትዬ ቢሆን ኖሮ ልጁን አላናግረውም ነበር።

ከተማችን ራሷ ስሟን ያገኘችው እንግዳ ነገር ባየ ሰው አይደል? በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በአፄ ዘርዓ ያዕቆብ ዘመን ሰማይ ላይ ብርሃን ታየ። ንጉሡ እዚሁ ቤተ ክርስቲያን አሠሩ፣ ቦታው ደብረ ብርሃን ተባለ። በ1456 እ.ኤ.አ. የታየው የሃሌይ ጅራታም ኮከብ ሳይሆን አይቀርም የሚሉ የታሪክ ሰዎች አሉ። ያዩትን ዜና መዋዕል ጸሐፊው ጻፈው። ስለተጻፈ ነው ዛሬ የምናወራው።

ስለ ገጽታ አንድ ከባድ ነገር ልበል። ጎረቤታችን ወሎ በ1965 እና በ1966 ሲራብ፣ መከራውን ለዓለም ያሳየው የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ነው። የእኛ ቴሌቪዥን ሥራ ከጀመረ ወደ 10 ዓመት ሊሆነው ነበር። ያ ፊልም እኛው ቴሌቪዥን ላይ የታየው መስከረም 1 ቀን 1967፣ ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስል ጋር እየተቀላቀለ ነው። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። የራሳችን ካሜራ በጊዜው፣ በራሳችን ቋንቋ፣ የአርሶ አደሩን ቤት ቢያሳይ ኖሮ ስንት ሰው ይተርፍ ነበር? ይህን ጥያቄ የማነሳው ማንንም ለመክሰስ አይደለም። ገጽታን ለማሳመር ሲባል የተሸፈነ ነገር ምን ያህል እንደሚያስከፍል ስለማውቅ ነው።

እውነቱን ለመናገር እኛም ካሜራ የያዝነው ጥፋት አለብን። ድሮን እያስነሳን፣ ሽማግሌ እያሰለፍን፣ «እናመጣላችኋለን» ብለን ቀርጸን እንጠፋለን። ሰው ቢጠራጠረን አይፈረድበትም። ጊዜውም ከባድ ነው፤ መንገድ የሚዘጋበት ቀን አለ፣ እንግዳ ሰው የሚያስፈራበት መንደር አለ። ስለዚህ ደብዳቤ መጠየቃችሁን አልቃወምም። ማን እንደሆንኩ፣ የት እንደምኖር፣ ማንን እንደምቀርጽ ጠይቁኝ። የሚቀረጸው ሰው ፈቅዶ እንደሆነ አጣሩ። እኔ ፈቃድ የምቀበለው በድምፅ ነው፣ ልጆቻቸው ባሉበት፤ ምክንያቱም የአገሬ ገበሬ ወረቀት ላይ ፈርም ሲባል መሬቱ ትዝ ይለዋል። ይህን ሁሉ እስማማለሁ። የማልስማማው አንድ ነገር ላይ ብቻ ነው። የምቀርጸው ጉዳይ ትልቅ ይሁን ትንሽ፣ ያምራል አያምርም፣ ይህን ማህተም አይመዝነው። 3 ቀን፣ ቢበዛ ሳምንት፣ ደብዳቤው ይሰጥ። ሸማኔ 7 ሳምንት አይጠብቅም።

ሌላም ጉዳይ አለኝ፣ ከዚህ ያልተናነሰ። የድሮ ካሴቶች።

ደብረ ሲና፣ ሸዋ ሮቢት፣ ዓለም ከተማ፣ በየከተማው ፎቶ ቤቶች ነበሩ። ሰርግ፣ ክርስትና፣ ተዝካር፣ ጥምቀት በቪኤችኤስ ካሴት የቀረጹ። ቤቶቹ እየተዘጉ ነው። ካሴቱ ዕቃ ቤት ይጣላል፣ ወይም ለቆሻሻ ይወጣል። እስካሁን 63 ሰብስቤአለሁ። አንዱን ስከፍት ከውስጥ ነጭ ሻጋታ ይዞት ነበር። በጥጥ ጠርጌ፣ ቀስ ብዬ አጫወትኩት። የ1980ዎቹ ሰርግ ነው። ሙሽሮቹን ተዉአቸው። ከጀርባቸው ያለውን እዩ። ዛሬ ፎቅ የቆመበት ቦታ የሳር ቤት አለ። አሁን በሕይወት የሌሉ አዝማሪ ማሲንቆ ይዘው የሚሉት ግጥም አለ፤ ሌላ ቦታ ሰምቼው አላውቅም። አንዲት ሴት በርኖስ በለበሰ ሽማግሌ ጉልበት ላይ ሕፃን ታስቀምጣለች። ሕፃኑ ዛሬ የ30 ዓመት ሰው ነው፤ አያቱን በሕይወቱ አይቶ አያውቅም። ይህን ክሊፕ በስልኩ ስልክለት ደውሎ መናገር አቃተው።

የ1 ሰዓት ካሴት ወደ ኮምፒውተር ለመገልበጥ 1 ሰዓት ይፈጃል፤ አቋራጭ የለውም። ማጫወቻውም ከገበያ ጠፍቷል። የመጨረሻው አምራች፣ የጃፓኑ ፉናይ፣ በ2016 እ.ኤ.አ. ማምረት አቁሟል። ያለኝ ማጫወቻ ከተበላሸ ከአሮጌ ዕቃ እየፈታሁ ነው የምጠግነው። ስለዚህ ጊዜ የለንም። አንድ ክፍል፣ አንድ ቁም ሳጥን፣ ሁለት ሃርድ ዲስክ ነው የምጠይቀው። ቤተ መጻሕፍት ይሁን፣ የባህል አዳራሽ ይሁን፣ ዩኒቨርሲቲው ይሁን፣ ደረቅ ይሁን እንጂ ቦታው ግድ የለኝም። በዞኑ ውስጥ ማንም ዘጋቢ ፊልም የሚቀርጽ ሰው አንድ ቅጂ እዚያ ያስቀምጥ። ደብዳቤ ስትሰጡ ይህን ግዴታ ጻፉበት። እኔ ደስ እያለኝ እፈርማለሁ። ያልተቆረጠውን ጥሬ ቀረጻ ጭምር እሰጣለሁ፤ ጭላዳ ጠባቂው ልጅ የተገኘው እዚያ ውስጥ ነውና።

ፊልሙ ደግሞ ወደተቀረጸበት መንደር ይመለስ። የጅሩን ፊልም መጀመሪያ ያሳየሁት ጋሼ ግቢ ውስጥ ነው። ነጭ አንሶላ ግድግዳ ላይ ወጥረን፣ ፕሮጀክተር በጄኔሬተር። መንደሩ ሁሉ መጣ። በሬው ሲታይ ልጆቹ ስሙን እየጠሩ ጮሁ። ጋሼ ከፊት ተቀምጠው ነበር። ምሰሶው ብቻውን የሚታይበት ቦታ ሲደርስ ግቢው ጸጥ አለ። ጎረቤታቸው እጁን ትከሻቸው ላይ አሳረፈ። ከዚያ በኋላ ሰው ሁሉ ስለ ራሱ በሬ ማውራት ጀመረ፤ ስለ ሸጠው፣ ስለ ሞተበት፣ አባቱ ስላደለበው። እስከ እኩለ ሌሊት አልተበተኑም። ይህንንም ቀርጫለሁ።

ለወጣቶች አጭር ቃል አለኝ። ጥሩ ካሜራ እስክትገዙ አትጠብቁ፤ ስልካችሁ ይበቃል። ድምፅ ላይ ግን አትሰስቱ፣ ትንሽ ማይክ ግዙ። አያታችሁ ጋ ሂዱና እንዴት ጠላ እንደሚጠነስሱ ጠይቁ። ጌሾውን ሲወቅጡ አታቋርጧቸው። ቀኑንና ቦታውን ፋይሉ ላይ ጻፉ።

ወደ ባና ሸማኔው ልመለስ። ባለፈው ወር ደወልኩላቸው። የ22 ዓመት የልጅ ልጅ አላቸው፤ መንዝ ነው የሚኖረው። 11 ደቂቃውን አይቶ «እቃውን መልሼ ልትከለው፣ አባባ ያሳዩኝ» ብሏል። እንጨቱ በረት ላይ እንዳለ ነው። አባባ «እግሬ ከፈቀደልኝ ለጥምቀት እመጣለሁ» አሉኝ። ጉድጓዱን ከዚያ በፊት ማጽዳት አለብን።

ለዚህ ቀረጻ የትብብር ደብዳቤ ማመልከቻዬን ሰኞ ጠዋት አስገባለሁ። ፕሮፖዛሉ አንድ ገጽ ነው። «ዓላማ» በሚለው ቦታ ላይ እንዲህ ብዬ ጽፌአለሁ፦ «አባባ ባና ሲሠሩ ማየት፣ ድምፁንም መስማት።» ከዚህ የተሻለ አላገኘሁም። እንዳለ ቢያልፍልኝ ደስ ይለኛል።

ከአክብሮት ጋር፣

የዘጋቢ ፊልም ሠሪ፣ ከደብረ ብርሃን